ከግድግዳው ሥር

"ዊልፍ፣ እኔም ጥያቄ አለኝ" አለ ሽማግሌው ናት ክላፍ ከፊት ረድፍ። "ጠዋት ውጭ ግድግዳው ሥር ቁጢጥ ብለን ስናወራ መጥተህ ቆመህ አነጋገርከን። ምነው? ለንደኖች የቆዳ ወንበር አስለመዱብን እንዴ?"

የማዕድን ሠራተኞቹ አዳራሽ በሳቅ ተንጫጫ። መድረኩ ላይ የቆመውን ዊልፍ ሩተርን ግን ላብ አጠመቀው። ይህችን በሰሜን እንግሊዝ ያለች የደርሃም የከሰል መንደር ወክሎ ፓርላማ ከገባ አሥራ ዘጠኝ ዓመቱ ነው፤ ለመጪው ምርጫ ፓርቲውን ወክሎ ማን ይወዳደር የሚለው ደግሞ ዛሬ፣ እዚሁ ይወሰናል። ስለ ቤት ጠይቀውት መልሷል፤ ስለ ጡረታ ጠይቀውት መልሷል። ለዚህኛው ግን አልተዘጋጀም።

ከሰል ቆፋሪ ወንበር አይፈልግም። ዕድሜውን ጣሪያው ዝቅ ባለ ዋሻ ውስጥ ስለሚፈጅ፣ አውቶቡስ ሲጠብቅም ሲጋራ ሲያጨስም ጀርባውን ለግድግዳ ሰጥቶ ተረከዙ ላይ ቁጢጥ ይላል። ዊልፍም በአሥራ አራት ዓመቱ ጉድጓድ ከወረደ ጀምሮ እንዲሁ ነበር። ለንደን በገባ ሳምንት የምክር ቤቱ ኮሪደር ውስጥ ቁጢጥ ብሎ ጋዜጣ ሲያነብ፣ ዘበኛው የታመመ መስሎት ውኃ ይዞለት ሮጧል። መንደሩ ይህን እያነሳ እስከ ዛሬ ይስቃል።

አሁን ግን ቀኝ ጉልበቱ አልታጠፍ ካለ ሁለት ዓመት አልፏል። ከሚስቱ ከኤቲ በቀር የሚያውቅ የለም። ቢናገር "አርጅቷል፣ ይረፍ" ሊሉት ነው፤ ቢቆም "ጌታ ሆነብን" ሊሉት ነው። እሱ ደግሞ ማረፍ አይፈልግም። ሥራውን ይወደዋል፣ ጭቅጭቁን ሳይቀር።

"ወንድም ሊቀመንበር፣ ይሄ ከምርጫው ጋር ምን አገናኘው?" አለ ተፎካካሪው፣ ወጣቱ መምህር ዴዝመንድ ፓይል።

"አንተ ልጅ፣ አርፈህ ተቀመጥ! ያንተም ተራ ይደርሳል" አለው ናት።

ዊልፍ ከመድረኩ ወረደ። ሻይ ስትቀዳ የነበረችው ኤቲ በዓይኗ "ተው" አለችው። አልሰማትም። ጀርባውን ከግድግዳው አስደግፎ ቁልቁል ተንሸራተተ። ጉልበቱ እንደ ደረቅ እንጨት ሲንቋቋ ኋላ ወንበር ድረስ ተሰማ።

አዳራሹ አጨበጨበ። ዊልፍ ፈገግ ብሎ ሊነሳ ሞከረ፤ አልሆነለትም። እንደገና ሞከረ። ጭብጨባው እየቀነሰ ሄደ።

"እሺ፣ እውነቱን ልንገራችሁ" አለ ፊቱ ቲማቲም መስሎ። "ጉልበቴ አልቋል። እንዳታባርሩኝ ፈርቼ ደበቅኳችሁ። ምላሴ ግን ደህና ነው። ሳንባቸውን አቧራ ስለበላው ሰዎች የምትጠይቁኝ ካለ ጠይቁኝ፤ እኔ እንደሆነ የትም አልሄድ!"

ቤቱ በሳቅ ፈነዳ። ፓይል ግን ሮጦ መጥቶ እጁን ዘረጋለት።

"ተወኝ የኔ ልጅ" አለው ዊልፍ። "አሁን ካነሳኸኝማ ድምፁን ጠራርገህ ወሰድከው።"

ሊቀመንበሩ ጠረጴዛውን ደበደበ። "ዊልፍን የምትመርጡ እጃችሁን አንሱ!"

ከታች ሆኖ ለዊልፍ የሚታየው የወንበር እግርና ጫማ ብቻ ነው። አንድ ጥንድ አሮጌ ቦቲ ተንቀሳቀሰ፤ ወደ እሱ መጣ። ናት እያቃሰተ አጠገቡ ቁጢጥ አለ።

"ናት፣ እጅ ነው ያልኩት!" ጮኸ ሊቀመንበሩ።

"አንስቻለሁ እኮ፣ ዓይንህን ግለጥ!"

እውነትም አንስቶ ነበር። ቀጥሎ ሌላው መጣ፤ ከዚያም ሦስት ሆነው መጡ። ጉልበት በየተራ እየተንቋቋ፣ እጅ ሁሉ ወደ ላይ እንደተዘረጋ፣ ሰልፉ ግድግዳውን ሞልቶ ጥጉን ዞረ። ዊልፍ እንባው መጣ፤ በሳቅ ሸፈነው። ፓይል ሱሪውን ሰብሰብ አድርጎ ቁጢጥ ልበል ሲል በመቀመጫው ወደቀ።

"ይለምዳል" አለ ናት።

ኤቲ የሻይ ትሪውን ይዛ መሃል ላይ ቆመች። "እናንተ ሽማግሌዎች፣ አሁን ይሄን ሁሉ ሰው ማን ሊያነሳው ነው?"

ከዚያ ጎንበስ አለችና፣ ከባሏ ጀምራ፣ ሻዩን መሬት ለመሬት ማደል ጀመረች።