ፎቶው ላይ ያለው እጅ

ክሬኑ ሐብሐብ የምትገምጠዋን ጥቁር የእንጨት ልጅ ከመዝናኛ ፓርኩ በር ላይ ነቅሎ ሲያነሳት እህትማማቾቹ በቴሌቪዥን እያዩ ነበር። ያ ሁሉ ከንፈሯና ያ ሁሉ ጥርሷ አየር ላይ ተንጠለጠለ። «እሰይ። ስልሳ ዓመት ሙሉ ነጮቹ ‹ጥቁሮች እንዲህ ናቸው› እያሉ ሲስቁብን» አለች ታላቅየዋ ዶሬታ። ከዚያም ከአልበሟ አንድ ፎቶ መዝዛ ወደ ምድጃው ሄደች።

ኔዲን ፎቶውን ከእጇ ነጠቀቻት። ዶሬታ የስድስት ዓመት ልጅ ሆና አባታቸው ትከሻ ላይ ተፈናጣ ትስቃለች፤ ያቺው የእንጨት ልጅ ከጎናቸው ቆማለች። አባታቸው የሞተው ኔዲን ገና በእናቷ ሆድ ሳለች ነው። እህቷ በዚያ ትከሻ ላይ ወጥታ ስታበቃ ዛሬ ላቃጥለው ማለቷ አንጀቷን አሳረራት።

«አምጪው። ባየሁት ቁጥር አፍራለሁ» አለች ዶሬታ።

«ማፈሩም ላንቺ ደረሰሽ። እኔ ከሱ ጋር የማፍርበት ፎቶ እንኳ የለኝም።» ኔዲን መሳቢያውን ከፍታ መቀስ አወጣች። «ይቺን ቆርጬ እጥላትና አባባን እወስደዋለሁ።»

ከእንጨቷ ልጅ ጆሮ ጀምራ ወደ ታች ቆረጠች፤ ትከሻዋ ጋ ስትደርስ ግን እጇ ቆመ። የእንጨቷን ልጅ ትከሻ የአባቷ ጣቶች ጥብቅ አድርገው ይዘውታል፤ የጋብቻ ቀለበቱ ሳይቀር ይታያል።

«ፎቶ አንሺው እቀፋት ብሎት ነው» አለች ዶሬታ ቀስ ብላ።

ኔዲን መቀሱን አስቀመጠችና አውራ ጣቷን እነዚያ ጣቶች ላይ አሳረፈች።

«ይቺን እንኳ አቅፏታል» አለች።