እናናየሁን የሚይዝ ሰው

የእሱባለው ሙያ መውደቅ ነው። ዝነኛው ተዋናይ ከፎቅ ሲወረወር፣ ከፈረስ ሲፈነገል ያያችሁት እሱ ራሱ ከመሰላችሁ ተሸውዳችኋል። ልብሱን ለብሶ የሚወድቅለት ሌላ ሰው አለ፤ ስታንት ይሉታል። እሱባለው ሞሮኮ ወድቋል፣ ሃንጋሪ ወድቋል፣ ደቡብ አፍሪካ ከነመኪናው ተገልብጧል። ጀርባውን ዓለም ያውቀዋል፤ ፊቱን ግን ማንም አላየውም። ዘንድሮ ገና ፊቱ የሚታይበት፣ አፍ አውጥቶም የሚናገርበት ሥራ አግኝቶ፣ ለሥራው ወደ ውጭ እስኪበር አዲስ አበባ ተቀምጦ ነበር።

አጎቱ ታመነ ደወለለት።

«ኪዳነወልድ ዐረፈ። አሊዩ አምባ ቁልቁለት ላይ መኪናው ተገለበጠ። እናናየሁ ባሏ መሞቱን አልሰማችም። ነገ ማለዳ መርዶ ልንነግራት ነው። አንተ ካልያዝካት ራሷን ትፈጠፍጣለች።»

እናናየሁ በትውልድ መንደሩ፣ አንኮበር ጎረቤላ ላይ፣ ጎረቤታቸው ናት። እናቱ ስትሞት ያሳደገችው እሷ ናት። ባለፈው ዓመት ወድቃ ዳሌዋ ስለተሰበረ በብረት ነው የተያያዘው። «ወድቆ የሚከፈለው አንተ ብቻ ነህ አንተ ልጅ፤ እኔማ ይኸው በነጻ!» ብላ በስልክ አስቃው ነበር። ዳግመኛ ከወደቀች ግን አትነሳም።

በማግስቱ ሳይነጋ ታመነ ደብረ ብርሃን መናኸሪያ በር ላይ መኪና ይዞ ጠበቀው።

«አባዬስ፣ ጋሼ? አብሬው እሄዳለሁ ብሎኝ ነበር፤ አብሮት አልነበረም እንዴ?»

«ነበር። ጭረት እንኳ አልነካውም። ሆስፒታል ሬሳውን እያስገነዘ ነው።»

«እንግዲያው አይቼው እንሂድ።»

«ይረፍድብናል። ደግሞ ስልክህን አምጣ፤ መርዶ መሃል ቢጮህ ምን ልንባል ነው?»

መኪናው ጉሙን እየሰነጠቀ ወደ አንኮበር ገሰገሰ። እሱባለው የመቀመጫውን ቀበቶ ደጋግሞ ያጠብቅ ጀመር። ስንት ገደል የዘለለ ሰው እንዲህ ሆኖ አያውቅም። ምክንያቱም የሱ አወዳደቅ የተጠና ነው፤ መውደቁን አስቀድሞ የሚያውቅ ሰው ትንፋሹን ይሰበስባል፣ አገጩን ደረቱ ላይ ይለጥፋል፣ ትከሻውን ያስቀድማል። የሚሰበረው ያላወቀው ነው። እናናየሁ ደግሞ አታውቅም።

ሲደርሱ የዕድሩ ሰዎች ጋቢያቸውን ተከናንበው በአባቱ ቤት ተሰብስበዋል። እሱ ሲገባ ሁሉም ተነሡለት።

«እሷ ቤት አይደለም እንዴ?»

«የልጅ ልጆቿ ተኝተዋል» አለ ታመነ። «በሰበብ እዚህ እናስጠራታለን። አንተ መጀመሪያ እህል ቅመስ።»

«አሁን እህል ይበላል ጋሼ?»

«በባዶ ሆድ ሰው አይያዝም! ብላ፣ በሞቴ።»

ዳቦውን በሻይ እያወራረደ ዋጠ። ከዚያ መቀመጥ አቃተው። ሹል የሆነውን ሁሉ ከቤቱ አስወጣ፣ ፍራሽ ጎትቶ ከበሩ ፊት ዘረጋ፣ መልሶ ደግሞ አስጠጋው። ሰዎቹን በየቦታቸው ካላቆመ መጥፎ ነገር ይሆናል።

«ስሙኝ፤ አንጓዋን አትያዙ፣ ይሰበራል። ክንዷን ከላይ፣ በብብቷ በኩል! ሁለት ሰው ከጎንና ከጎን፣ አንድ ከኋላ ወገቧን። ወደ ላይ አትጎትቷት፤ ካበደች አብራችኋት ውረዱ።»

«በቃል አይገባንም» አለ ወልደተንሣኤ፣ የዕድሩ ዳኛ። «እስቲ ባንተ አሳየን።»

እሱባለው መሃል ቆመ። ወልደተንሣኤና ሌላ ጎረምሳ በብብቱ ገቡ። ታመነ ከኋላ ወገቡን አቀፈው።

«አጥብቁ! እሷ ከዚህ ትበረታለች።»

አጠበቁ።

«አዎ፣ እንደሱ ነው» አለ ደስ ብሎት።

ደጅ ላይ ዱላ ተደግፎ የሚመጣ ሰው ኮቴ ተሰማ። እናናየሁ ናት።

«በሉ ልቀቁኝ፣ መጣች! ወደ ፍራሹ!»

ማንም አልለቀቀውም።

በሩ ተከፈተ፤ እናናየሁ ነጠላዋን ዘቅዝቃ ገባች፣ ከኋላዋም ባሏ ኪዳነወልድ፣ በፋሻ የታሰረ እጁን ደረቱ ላይ አድርጎ፣ እያለቀሰ፣ ያለ እሱባለው አባት ብቻውን፣ ተከትሏት ገባ።