ለስብጥር ሲባል

ከማተሚያ ማሽኑ የወጣውን የመጀመሪያ ወረቀት ብድግ ስታደርግ የገዛ ፊቷ አፍጥጦ አያት። ነጭ ጋዋን ለብሳ፣ አንድ እጇን አዲሱ ማሽን ላይ ጣል አድርጋ፣ የመንጋጋ ጥርሷ እስኪታይ ትስቃለች። ጋዋኑ የሷ አይደለም፤ ያን ዕለት ፎቶ አንሺ መጣ ተብላ ከሥራዋ ስትጠራ ከቢሮ ያዋሷት ነው። እጅሽን ታጠቢ፣ እስቲ ትንሽ ፈገግ በይ፣ ብለዋት ነበር። ከፎቶው በላይ በትልልቅ ጥቁር ፊደል «ስብጥራችን ውበታችን» ይላል።

ሌላው ወረቀት የሥራ ልብሷ ኪስ ውስጥ ነው። ዛሬ ጠዋት ገና ከበር ሳታልፍ የሰጧት ደብዳቤ። ለአዲሱ ማሽን ኃላፊነት ተወዳድራ በጽሑፉም በተግባሩም ፈተና አንደኛ መውጣቷን ይመሰክርና፣ ወረድ ብሎ፣ የክፍሉን የብሔር ስብጥር ለመጠበቅ ሲባል ቦታው ለሁለተኛው ተወዳዳሪ መሰጠቱን ያስታውቃል። ከታች «ከሰላምታ ጋር» ብለውበታል። ሃያ ሁለት ዓመት ሙሉ የቀለም ሽታ ስትምግ ለኖረች ሴት ሰላምታ! ከጠዋት ጀምሮ ደሟ እንደፈላ ነው።

ሁለተኛው ተወዳዳሪ አጠገቧ ቆሞ ጣቶቹን ያፍተለትላል። ቃል ከአፉ ስለማይወጣ የማተሚያ ቤቱ ሰው ጨምት ይለዋል። አርባን የዘለለ፣ የሦስት ልጆች አባት ነው። በዚህ ማሽን ላይ ያሠለጠነችው እሷው ነች፤ ግን ገና አልለመደውም። ፎቶ የሚታተመው በአራት ቀለም ነው፤ ማሽኑ ፍጥነት ሲጨምር ቀለሞቹ አንዱ ካንዱ ላይ መንሸራተት ይጀምራሉ። ያኔ አንድ ሰው ማስተካከያዎቹን ይዞ፣ በዓይኑም በጆሮውም እየተከታተለ፣ እያንዳንዱን ቀለም ወደ ቦታው መመለስ አለበት። ጨምት እዚያ ላይ ሲደርስ ሁልጊዜ «እትዬ!» ብሎ ይጣራል።

ቤቱ ደንብ አለው። የመጀመሪያው ወረቀት ላይ ሥራውን ያዘዘው ሰውና የማሽኑ ኃላፊ ሳይፈርሙ ሁለተኛ ወረቀት አይታተምም። የዛሬውን ሥራ ያዘዘው ሥራ አስኪያጁ ራሱ ነው፤ ማተሚያ ቤቱ ስለራሱ የሚያወጣው መጽሔት ከሰዓት ለሚመጡ እንግዶች ይታደላል። እየተጣደፈ ገባና ወረቀቱን ሲያይ ፊቱ በራ።

«እሰይ! እንዴት ነው ያማረብሽ ባክሽ! እኛን እኛ የሚያሰኘን ይሄ ነው» አለና አይቶ ሳይጨርስ ፈረመ።

«አለቃ፣ አንድ ነገር ልጠይቅዎ። ስብጥር ማለት ምን ማለት ነው?» አለች።

«ምን ይጠየቃል? ከሁሉም ወገን ያለ ሰው፣ ተከባብሮ፣ አንድ ላይ ሲሠራ ነዋ።»

ደብዳቤውን አወጣችና ጠረጴዛው ላይ ከሳቀው ፊቷ ጎን ዘረጋችው። «እዚህስ ላይ?»

ሥራ አስኪያጁ መነጽሩን አወለቀ። «እሱ የአሠራር ጉዳይ ነው። የአንቺ ሰዎች ክፍሉ ውስጥ በዝተዋል ተባለ። ኮሚቴ ነው የወሰነው፤ እኔ ብቻዬን አይደለሁም።»

«የኔ ሰዎች? የኔ ሰዎች ቤቴ ያሉት ሁለት ልጆቼ ናቸው፤ እነሱን ደግሞ አልቀጠራችሁም!» ድምጿ ከፍ ሲል ወረቀት ቆራጮቹ ዞር አሉ። ይስሙ፤ ማንንም አትፈራም። «ለፎቶ ስትፈልጉኝ የስብጥሩ ጌጥ ነኝ። ወንበሩ ጋ ስደርስ ስብጥር አበላሽ ሆንኩ። አያፍሩም? እዚሁ እኔ እጅ ላይ ሊያሳትሙት መጡ?»

«ቀስ በይ እንጂ፣ ሰው ይሰማል።»

ጨምት ጉሮሮውን ጠረገ። «አለቃ፣ የኔም ደብዳቤ ላይ አለች ያቺ ቃል። ችሎታ የምትል ግን ፈልጌ አጣሁ» አለ። «እኔንም እኮ ሰው ብላችሁ አይደለም የሾማችሁኝ፤ ጎዶሎ መሙያ ብላችሁ ነው።»

እንዲህ ያለ ረጅም ንግግር ሲያደርግ ማንም ሰምቶት አያውቅም። ሥራ አስኪያጁ ግን መነጽሩን መልሶ አጠለቀ። «አንተ ደግሞ ጀመርክ! ኃላፊው አንተ ነህ። ትፈርማለህ ወይስ ሌላ ሰው ልፈልግ?»

ጨምት አያት። ፈርም ብትለው ይፈርማል፣ ተው ብትለውም ይተዋል፤ ዓይኑ ላይ አነበበችው። ለራሱ ተወችለት። የሦስት ልጆቹን ነገር ታውቃለች፤ በሱ ልትናደድም አማራት፣ አልሆነላትም። አቀርቅሮ ፈረመ፤ አረንጓዴውን ቁልፍ ተጫነ።

ማሽኑ አጉረመረመና ወረቀት መትፋት ጀመረ። የመጀመሪያዎቹ መቶ ደህና ወጡ። ፍጥነቱ ሲጨምር ድምፁ ትንሽ ሻከረ፤ እሷ ከማንም በፊት ሰማችው።

«እትዬ!» አለ ጨምት፣ ሁለት ማስተካከያ ባንዴ ይዞ። «እትዬ፣ ቀለሙ ሄደብኝ!»

እጇ በልማድ ተዘረጋ። ማስተካከያው ጋ ሊደርስ አንድ ስንዝር ሲቀረው ደብዳቤውን ከጠረጴዛው አነሣችና አጣጥፋ ኪሷ ከተተችው፤ እጇንም እዚያው ተወችው።

«ምን ሆነ? አስተካክሉት እንጂ!» ሥራ አስኪያጁ ይጮሃል።

ጨምት ከማስተካከያዎቹ ላይ እጁን አነሣ። «ኃላፊው አልቻለም» አለ።

ወረቀቶቹ አንዱ ባንዱ ላይ ይወድቃሉ። ፊቷ ተለያይቷል፤ ቀዩ ሳቅ ወዲህ፣ ሰማያዊው ወዲያ፣ ቢጫው ከጋዋኑ ወጥቶ ብቻውን። ከላይ ያለው ጽሑፍ ግን በጥቁር ብቻ የሚታተም ነውና ምንም አልሆነ፤ በእያንዳንዱ ወረቀት ላይ ጥርት ብሎ ይነበባል።