የአባዬ ኮሌታ

አባዬን ከእስር ያስጣለችው ይቺ ምላሴ ናት!

አባዬ የጎረቤታችንን የእትዬ ውድነሽን መተላለፊያ በአጥር ዘጋ። ፍርድ ቤት «አንሳ» ቢለው እምቢ አለ። ትእዛዝ ባለማክበሩ ሊታሰር ሆነ። ትናንት መቀመጥ መቆም ቢያቅተኝ እትዬ ዘንድ ሮጥኩ።

«ለአንድ ክንድ መንገድ ሰው ያሳስራሉ? ነገ ሲሞቱ ማን ይሸከምዎታል?»

በራቸውን ዘጉብኝ።

ዛሬ ችሎት ስንገባ የአባዬ ኮሌታ አፈር በአፈር ነበር።

«ዳኛ ፊት እንዲህ ይቀረባል?» ብዬ አራገፍኩለት። አቀረቀረ። እኔ ጥፍሬን ስበላ እትዬ ተነሱ።

«ታርቀናል፤ አጥሩን ዛሬውኑ ያነሳል።»

ዳኛዋ ስምምነቱን አስመዝግባ አሰናበተችን።

ደጅ እንደወጣን እትዬን «አዩልኝ ምላሴን!» አልኳቸው።

«አባትሽ ጎህ ሲቀድ ድንጋይ በአንገቱ ተሸክሞ ይቅርታ ሊለኝ ደጄ ወደቀ። ከኮሌታው ያራገፍሽው አፈር የዚያ ድንጋይ ነው። አንቺንማ ብሰማ ኖሮ ይታሰር ነበር!»