የዚያ ጠዋት ቅሬ

ከውጫሌ በላይ ያለው የከሰል ጉድጓድ የሚደፈንበት ቀን ሲደርስ መስኡዳ ከሁሉም ቀድማ ወጣችና ኤክስካቫተሩ ፊት ድንጋይ ላይ ተቀመጠች።

«እናቴ፣ ተነሽልኝ፤ ማሽን ነው» አላት ኦፕሬተሩ ዝናው።

«ማሽን መሆኑን አይቻለሁ። ሙሽራ ነው አላልኩህም።»

ዝናው ሳቁን ዋጠ። የታዘዘው የተናደውን ገደል ጠርጎ እንዲያስተካክል፣ ጉድጓዱን እንዲሞላ ነው። ከዚያ አፈር ይለብስና ችግኝ ይተከልበታል። እሷ የምትፈልገው ደግሞ አንድ ነገር ብቻ ነበር፤ አፈሩ ሳይለብስ፣ ባሏን ሙሐዲንን የገደለው ሰው በሰው ፊት እንዲታወቅ።

ገዳዩን ታውቀዋለች። የቅሬው ዳኛ አሻግሬ ነው።

በዚያ አገር እስላሙም ክርስቲያኑም የሚቀባበረው በአንድ ቅሬ ነው። ጠሪው ከፍታ ላይ ወጥቶ «ቅሬ!» ካለ ገበሬው ሞፈሩን፣ ነጋዴው ሚዛኑን ጥሎ ይወጣል። ማን ሞተ ተብሎ የሚጠየቀው ከደረሱ በኋላ ነው። የቀረ ይቀጣል፤ ደጋግሞ የቀረ ከቅሬ ይወጣል። ከቅሬ የወጣ ሰው ለጥሪ አይመጣም። እሳት አይጫርለትም፣ ሰላምታ አይመለስለትም፣ ቢናገርም የሰማው እንዳልሰማ ሆኖ ያልፋል።

ሙሐዲን ደጋግሞ ቀርቷል። ጦርነቱ መጥቶ አገሩ በተያዘ ሰሞን ሦስት ሰው ሲቀበር ከቤቱ አልወጣም። በሩን ዘግታ የያዘችው መስኡዳ ራሷ ነበረች፤ ይህን ግን ለማንም አልተናገረችም። ጦሩ ከወጣ በኋላ አሻግሬ ሕዝቡን ሰብስቦ ሙሐዲንን ከቅሬ አስወጣው።

ከለውጡ ወዲህ የመንደሩ ሰው ተደራጅቶ ከሰል ይቆፍር ነበር፤ ሙሐዲንም ከቆፋሪዎቹ አንዱ ነው። ከቅሬ ከወጣ ወዲያ ግን አጠገቡ የሚቆም ጠፋ። ሌሎቹ አሥራ ስምንቱ ገደሉ ሥር በፀሐይ ሲቆፍሩ፣ እሱ አንድ ጠማማ ዋሻ ይዞ ብቻውን ወደ ኮረብታው ሆድ ገባ። የት ደረስክ፣ ምን ጎደለህ ያለው የለም።

አንድ ማክሰኞ ጠዋት ከኮረብታው አናት «ቅሬ!» የሚል ጥሪ መጣ። ጎርናና፣ የተጎተተ ድምፅ ነበር፤ የማን እንደሆነ የለየ የለም። አሥራ ስምንቱ ዶማቸውን ጥለው ሮጡ። ብዙ ሳይርቁ ገደሉ ከኋላቸው ተናደ። መንደር ሲደርሱ የሞተ ሰው አልነበረም። ሁለት ሳምንት በአካፋ ቢታገሉም ያን ሁሉ ናዳ የሚያነሳ ጉልበት ጠፋ፤ ሙሐዲን እዚያው ቀረ።

አንዳንዱ የጠራው መልአክ ነው አለ፣ አንዳንዱ ወሊይ ነው አለ። ከዚያ ወዲህ ሲመሽ በኮረብታው የሚያልፍ የለም፤ ንፋስ ሲነሳ ያቃስታል ይላሉ። መስኡዳ ግን መልአክ ቅሬ ሲጠራ ሰምታ አታውቅም። የጠራው፣ ሲጠራ ማን ወጥቶ ማን እንደሚቀር የሚያውቅ ሰው ነው። የዋሻውን ምሰሶ ነካክቶ ገደሉን የናደውም እሱ ነው።

ረፋዱ ላይ አሻግሬ ከሽማግሌዎቹ ጋር መጣ። ከአሥራ ስምንቱ አንዱ የሆነው ሙነወርም ከኋላቸው ነበር።

«አያ አሻግሬ፣ ያን ጠዋት የት ነበርክ?» አለችው።

«ስንቴ ልንገርሽ? ኮረብታው ላይ በቅሎዬን ስፈልግ።»

«ጥሪውንስ?»

«ሰማሁ። አጠገቤ ነበር። ዞር ብል ሰው የለም። ከእግሬ ሥር የወጣ ነው የመሰለኝ።»

«ሣሩ ነዋ የጠራው። አርባ ዓመት ስትዳኝ ኖረህ ውሸት እንኳ በወጉ አልለመድክም።»

 ሽማግሌዎቹ ቆርጠው ነው የመጡት፤ አሻግሬ ዛሬ ካላመነ እሱም ከቅሬ ይወጣል። ዕድሜውን ሙሉ የሰው ቃሬዛ የተሸከመ ሰው፣ የራሱን የሚሸከምለት ያጣል። መስኡዳ የምትመኘውም ይህንኑ ነው።

ሙነወር አንድ እርምጃ ወደ እሷ ቀረበና መልሶ አፈገፈገ።

«የምትለው አለህ?» አለችው።

«የለኝም፣ እቴ መስኡዳ።» ከዚያ ማክሰኞ ወዲህ ዓይኗን ደፍሮ አይቶ አያውቅም።

«ቢያንስ አውጥተን እንቅበረው» አለ አሻግሬ።

«አንተማ በቁሙ ቀብረኸው የለ።»

ከድንጋዩ ተነስታ ለማሽኑ መንገድ ለቀቀች። እኩለ ቀን ሲሆን ናዳውን የሚጠርገው የኤክስካቫተሩ አካፋ ጨለማ ነካ። ዝናው ሞተሩን ሳያጠፋ «ዋሻው ተከፈተ!» ብሎ ጮኸ። ወንዶቹ እርስ በርስ ተያዩ። መስኡዳ የዝናውን ስልክ ከእጁ ነጥቃ፣ በመብራቱ እየተመራች ገባች።

ጠማማውን ስትዞር የሞተሩ ድምፅ ራቀ። ዋሻው መጨረሻ ላይ መብራት አላስፈለጋትም። ሰው በማያሳልፍ ጠባብ ቀዳዳ የቀን ብርሃን ከላይ ይወርዳል፤ ሙሐዲን ለአየር ብሎ ብቻውን የከፈተው መሆን አለበት። ከቀዳዳው ሥር ድንጋይ ደርድሯል። ከድንጋዩ አጠገብ ሽርጡን አየች። ሽርጡ ያልሸፈነውንም አየች።

አላለቀሰችም። ሁለት ዓመት የያዘችው ንዴት ገነፈለ። ድንጋዩ ላይ ወጥታ ፊቷን ወደ ብርሃኑ አቀናች።

«አሻግሬ!» አለች ባለ በሌለ ድምፅዋ። «አሻግሬ! ና፣ የሠራኸውን እይ!»

ስትወጣ ሞተሩ እያጓራ ነበር። ወደ ዋሻው የሚያይ ግን አንድም ሰው አልነበረም። ሁሉም ጀርባቸውን ሰጥተዋታል። አሻግሬም ከዋሻው አፍ ሦስት እርምጃ ርቆ፣ ወደ ኮረብታው አናት አንጋጧል። ኮረብታው ላይ ሰው የለም።

«ማነው ከላይ የሚጠራኝ?» አለ።

ዞሮ ያያት ሙነወር ብቻ ነበር። አፈሩ ላይ ቁጭ አለ።

«መጀመሪያማ፣ ያ ጥሪ ሳይሰማ፣ ሙሐዲን ከዋሻው ውስጥ ሆኖ በየስማችን እየጠራ ‹ገደሉ እየተሰነጠቀ ነው፣ ውጡ› ብሎን ነበር፣ እቴ መስኡዳ። እኛ አልመለስንለትም።»