አስር ደቂቃ የከለከልኳቸው እናት

“እስከ አስራ አንድ ሰዓት እንዳትመልሳት… አደራ!”

ቺን ሁዋት ይሄን ያለኝ ጠዋት ሁለት ሰዓት ላይ፣ እናቱን ደግፎ ሚኒባሴ ውስጥ ካስገባ በኋላ ነው።

እኔ ሴልቫን እባላለሁ። እዚህ ገጽ ላይ ሁሌ የሰው ጉድ ነው የምጽፍላችሁ… ዛሬ የራሴን ልናዘዝ።

ስራዬ አስጎብኚነት ነው። ፔናንግ ደሴት፣ ጆርጅ ታውን… ስምንት ስምንት ሰው እየያዝኩ የድሮውን ወደብ ቀኑን ሙሉ አዞራለሁ።

“ልደቷ ነው አይደል? ቤቱን ልታስጌጡላት ነው?” አልኩት በሹክሹክታ።

ሳቅ አለ።

“አንተ ብቻ አታምጣት” አለኝ።

ደስ አለኝ! እንዲህ አይነቱን ልጅ ይባርከው አልኩ በሆዴ።

እናቱ እማማ ቢ ሊያን ሰማንያ አንድ ዓመታቸው ነው። ወደቡ አጠገብ ባለ አሮጌ ቤት ስልሳ ዓመት ኖረዋል። የገዛ ከተማቸውን ሊጎበኙ ነው እንግዲህ…

ገና ከመነሻው ጉድ አፈሉብኝ።

“ይህ ህንጻ የአንድ ትልቅ ቅመም ነጋዴ ቢሮ ነበር…” ብዬ ከሲንጋፖር ለመጡት እንግዶች ስጀምር፣

“ወግድ! የከሰል መጋዘን ነበር። ባሌ እዚህ ከሰል ተሸክሟል” አሉ።

እንግዶቹ በሳቅ ሞቱ።

“እማማ፣ በእንጀራዬ አይምጡብኝ እንጂ!”

“አንተም አትዋሽ እንጂ!”

ከዛ በኋላ እኔን የሚሰማኝ ጠፋ። ውሃው ላይ በእንጨት ምሰሶ የቆሙት ቤቶች ጋ ስንደርስ ሁሉም እሳቸውን ከቦ “እማማ፣ ይሄስ? ያኛውስ?” ሆነ። ከባላቸው ጋር የተዋወቁበትን የጀልባ መቆሚያ ሲያሳዩን አንዷ ልጅ እንባዋ መጣ።

ስድስት ሰዓት ላይ ላክሳ የሚሉትን የዓሣ ሾርባ ከኑድል ጋር ልንበላ ተቀመጥን። የሁላችንም ሳህን ባዶ ሲሆን የእሳቸው አልተነካም።

“ሴልቫን ልጄ… ቤት አድርሰኝ። አስር ደቂቃ ብቻ።”

“ምን ረስተው ነው?”

“ለሽማግሌው የምነግረው ነገር አለ።”

“ባልዎ አርፈዋል አላሉኝም እንዴ?”

“እና ሞተ ብዬ ልዝጋው?”

ሳቅኩ። እኛ ጋ ያሉት ቻይናዎች የሟቻቸውን ስም እንጨት ላይ አስጽፈው ቤት ውስጥ ያቆማሉ። ዕጣን እያጨሱ ውሏቸውን ያወሩለታል። አዲስ ነገር አይደለም።

ቤታቸው አምስት ደቂቃ ቢያስኬድ ነው። ግን አደራ አለብኝ… ሰርፕራይዙ ሊበላሽ ነው!

“መንገዱ ተዘግቷል እማማ። ቧንቧ ፈንድቶ ሰፈሩ ጎርፍ ሆኗል” ብዬ ቀደድኩ።

ሳህናቸውን ወደ ጎን ገፋ አደረጉ።

“እሺ” አሉ።

ከዛ ወዲያ ቃል አልተነፈሱም። ደክሟቸው ነው ብዬ ቼንዶል የሚባለውን ጣፋጭ በረዶ ገዛሁላቸው። በረዶው እጃቸው ላይ ቀለጠ።

አስራ አንድ ሰዓት ሆነ። ኬክ፣ ፊኛ፣ ጭብጨባ እየጠበቅኩ ሚኒባሷን በራቸው ላይ አቆምኩ…

በሩ ላይ ሰንሰለት። አዲስ ቁልፍ።

የአሮጌ ዕቃ ነጋዴ መኪና አልጋቸውንና ቁምሳጥናቸውን ጭኖ ሊነሳ ነው። የባላቸው ስም ያለበት እንጨት የኑድል ካርቶን ውስጥ ተከቶ ደጅ ተቀምጧል።

ቺን ሁዋትን ጎትቼ “ልደቱስ?” አልኩት።

“የምን ልደት? እሱን ያልከው አንተ ነህ። ቤቱን ለሆቴል ሸጬዋለሁ። እሷ እያለች ዕቃው ይወጣል እንዴ? አልቅሳ ሰፈር ትሰበስብብኝ ነበር።”



እማማ ቢ ሊያን አልጮሁም። ልጃቸውን ከላይ እስከ ታች አዩትና…

“ምሳ በላህ?” አሉት።

እሱ መሬት መሬቱን አየ።

እጃቸውን ያዝኩ። “እማማ… አላወቅኩም ነበር! እናቴ ትሙት፣ ልደት መስሎኝ ነው!”

“እኔ ግን አውቄ ነበር” አሉኝ።

“መቼ?”

“ጠዋት ጫማዬን ሲያስርልኝ። ሃምሳ ዓመቱ ነው… አንድ ቀን ገበያ እንኳን ይዞኝ ወጥቶ አያውቅም። ዛሬ ሽርሽር ሂጂ ሲለኝ አይገባኝም? ዓይኔን እያየ ከሚያወጣኝ ብዬ ነው እሺ ያልኩት። ልጄ ነው። እንዲያፍር አልፈለግኩም።”



“ጠዋት እሱ ፊት ዕጣን ባጨስ ማወቄን ያውቅብኝ ነበር፤ ምሳ ላይ ግን አላስቻለኝም። አስር ደቂቃዋን ነበር የፈለግኩት። ቤት ሲለቀቅ እንጨቷ ከቦታዋ ሳትነሳ፣ ዕጣን ተጭሶ፣ ‘ልንሄድ ነው፣ ተከተለኝ’ ይባላል። ካልተባለ ሟቹ እዛው ይቀራል… አሁን ይቺ ባዶ ጣውላ ናት። መንገድ ተዘጋ ስትለኝ አንተም የመከርክብኝ መሰለኝ።”

ካርቶኑን አቅፈው የልጃቸው መኪና ውስጥ ገቡ።

ይሄ ከሆነ ስምንት ወሩ ነው። አሁን ልጃቸው ጋ፣ አስራ ሰባተኛ ፎቅ ላይ ነው የሚኖሩት። ባለፈው እሁድ ብርቱካን ይዤ ልጠይቃቸው ሄድኩ። ቂም የለባቸውም፣ “ውሸታሙ መጣ!” ብለው ተቀበሉኝ።

ቀለል ያለኝ መስሎኝ፣ “ሽማግሌውስ መጡ እማማ?” አልኳቸው።

“መንገዱን ማን ነግሮት?” አሉኝ።

ወገኖቼ… እኔ ክፉ ሰው አይደለሁም። ግን “ለምን?” ብዬ ሳልጠይቅ አደራ ተቀብዬ፣ አንዲት እናት ከቤቷ ስትወጣ በር ጠባቂ ሆንኩ። አደራ ሲሰጧችሁ ምን እንደሆነ ሳታውቁ አትቀበሉ። ትልቅ ሰው አስር ደቂቃ ሲለምናችሁ ደግሞ ምክንያቱን አትመዝኑ፣ ስጡ። እኔ ያችን አስር ደቂቃ ዛሬ ከየት ላምጣት?

እስቲ እውነቱን ንገሩኝ… በእኔ ቦታ፣ እኔ የማውቀውን ያህል ብቻ እያወቃችሁ፣ አደራውን ትጠብቁ ነበር ወይስ እማማን ቤት ታደርሷቸው ነበር? ኮሜንት ላይ ጻፉልኝ፣ አንድ በአንድ አነበዋለሁ።